የማንኩሳ ሰው ድራማ ሲያይ

ከፍኖተ ሰላም ተነስቶ ወደ ቡሬ የሚሄድ መንገደኛ መሀል ላይ ማንኩሳን ያገኛል። ሚኒባሱ ሰው ለማውረድ ካልቆመ በቀር ብዙው ተሳፋሪ ሳያስተውላት ያልፋል። መጽሐፍ ያነበበ ሰው ግን አንገቱን ወደ መስኮቱ ማዞሩ አይቀርም። የሐዲስ ዓለማየሁ ‹‹ፍቅር እስከ መቃብር›› የሚጀምረው እዚህ ነው። ቦጋለ መብራቱና ውድነሽ በጣሙ ትዳር የመሠረቱት፣ በዛብህን የወለዱት፣ ለቤተ ክርስቲያን የተሳሉትም በማንኩሳ ነው።

መጽሐፉ በ1958 ዓ.ም. ታተመ። ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርከው ፊደል ያልቆጠረውም ሰው በዛብህንና ፍቅረኛውን ሰብለ ወንጌልን አወቃቸው። በ2017 ዓ.ም. ደግሞ በሰውመሆን ይስማው አዘጋጅነት ተከታታይ ድራማ ሆኖ በኢትዮጵያ ብሮድካስቲንግ ኮርፖሬሽን መታየት ጀመረ። በሬዲዮ ዘመን የሰብለ አባት የፊታውራሪ መሸሻን በቅሎ ማንም አላያትም፤ አድማጩ በየሐሳቡ ጭኖ፣ በየሐሳቡ ያስጉዛት ነበር። ቴሌቪዥን ይህ ነፃነት የለውም። በቅሎዋን ማሳየት አለበት፤ ኮርቻዋን፣ እርካቡን፣ ከኋላ የሚከተለውን አሽከር አለባበስና አረማመድ ሁሉ። ያን ሁሉ ደግሞ የማንኩሳ ወረዳ በሆነው በጃቢ ጠህናን ያለ ገበሬ ማታ ቡና ቤት ቁጭ ብሎ ያየዋል።

እንዲህ ያለ ተመልካች ቀላል አይደለም። ስለ ካሜራ አነሳስ ወይም ስለ መብራት አስተያየት ላይሰጥ ይችላል። በሬ ሲጠመድ፣ ሸማ ሲደረብ፣ ፈረስ ሲለጎም ግን ስህተት አያልፈውም። ‹‹ኧረግ! ይሄ ሰውዬ አርሶ አያውቅም!›› ይላል፤ ከዚያ በኋላ ተዋናዩ ቢያለቅስም ቢሞትም አይታመንለትም።

ይህን መናገር አንድን ድራማ ለይቶ ለመንቀፍ አይደለም። ጉዳዩ የኢትዮጵያ የታሪክ ፊልምና ድራማ ሁሉ ጉዳይ ነው። ያለፈውን ዘመን በአካል የሚያውቁ ሰዎች አሉን፤ በአብዛኛው የምንጠራቸው ግን ለአጃቢነት ነው። ሜዳውን እንዲሞሉ፣ እልል እንዲሉ፣ ጦር ይዘው እንዲሮጡ እንፈልጋቸዋለን። ተዋናዩን እንዲያስተምሩ የምንጠይቃቸው ከስንት አንዴ ነው።

እርሻን እንውሰድ። በከተማ ያደገ ተዋናይ እርፍ ሲያስጨብጡት ብዙ ጊዜ በሁለት እጁ አንቆ ይይዘዋል፤ ወደ ታች ይጫነዋል፤ ፊቱንም ያኮሳትራል። ድካም ያሳየ ይመስለዋል። የምዕራብ ጎጃም ገበሬ ግን በአንድ እጁ እርፉን፣ በሌላው ጅራፉን ነው የሚይዘው። ማረሻው ጠልቆ እንዲገባ ሲፈልግ ክብደቱን እርፉ ላይ ያሳርፋል፤ ድንጋይ ሲነካው ቀለል አድርጎ ያሳልፈዋል። ትልሙ ጫፍ ሲደርስ በሬዎቹን የሚመልሳቸው ከጅራፉ ይልቅ በድምፁ ነው፤ የቀኙን በሬ ለብቻው ይጠራዋል፣ የግራውን ለብቻው ይቆጣዋል፤ ያመሰግናቸዋል፣ ይሰድባቸዋል፣ ያንጎራጉርላቸዋል። ማረሻው፣ ድግሩ፣ ወገሉ፣ ሞፈሩ፣ ቀንበሩ እያንዳንዱ የራሱ አያያዝ አለው። ምራኑ ሲላላ ገበሬው ዓይኑን ሳይጥልበት በጆሮው ያውቀዋል።

ይህን ሁሉ አንድ ተዋናይ በአንድ ቀን አይማረውም። ሆኖም ማለዳ ተነስቶ ከአንድ ገበሬ ኋላ እየተከተለ ቢውል፣ ቢያንስ ፊቱን ማኮሳተር እንደማያስፈልገው ይገባዋል። አርሶ የኖረ ሰው ሲያርስ ፊቱ ጸጥ ያለ ነው፤ የሚሠራው ወገቡና ጆሮው ነው። ለትወና ትምህርት እንዲህ ያለ ነገር ከየትኛውም መጽሐፍ አይገኝም።

የበቅሎውም ነገር እንዲሁ ነው። በድሮው ጊዜ መኳንንት መንገድ የሚሄዱት በበቅሎ ነበር። ፈረሱ ተለጉሞ በአሽከር እጅ እየተሳበ ይከተላል፤ ተራው የሚደርሰው ጦርነት ወይም ጨዋታ ሲመጣ ነው። በቅሎ ለዳገትና ለቁልቁለት የታመነች፣ አረማመዷ ለተቀማጩ የሚመች ናት። ፊልሞቻችን ግን ‹‹ትልቅ ሰው መጣ›› ለማለት ፈረስ ማስጋለብ ይወዳሉ። እንደ ፊታውራሪ መሸሻ ያለ በዘሩና በማዕረጉ የሚኮራ ባላባት ለሰላም ጉዞ ፈረስ እያስጋለበ ቢመጣ ያኔ የሚያየው ሰው ‹‹ምን ክፉ ነገር ደረሰ?›› ብሎ ይደነግጥ ነበር። አንድ እንስሳ በሌላ መቀየሩ ብቻ የትዕይንቱን ስሜት ይገለብጠዋል።

ወደ እግር ደግሞ እንውረድ። የጥንቱ የኢትዮጵያ እርካብ ትንሽ የብረት ቀለበት ነበር፤ ፈረሰኛው ባዶ እግሩን ሆኖ ቀለበቱን በእግሩ ጣቶች ይይዘዋል። በጣና ገዳማትም ሆነ በሌሎች አብያተ ክርስቲያናት የቅዱስ ጊዮርጊስን ሥዕል ቀረብ ብሎ ያየ ሰው ይህን ያገኘዋል፤ ነጭ ፈረስ፣ ያጌጠ ኮርቻ፣ ከዚያ በታች አውራ ጣቱን በቀለበቱ ያስገባ ባዶ እግር። ተዋናይ ቦት ጫማ አድርጎ ሰፊውን የፈረንጅ እርካብ ሲረግጥ ልዩነቱ የጫማ ብቻ አይደለም። ተረከዙ ይወርዳል፣ ጉልበቱ ይከፈታል፣ ወገቡ ወደ ኋላ ይላል። በጣቱ የሚይዝ ሰው ክብደቱን የሚያሳርፈው ጭኑና ኮርቻው ላይ ነው፤ አቀማመጡ ሌላ ነው። ዘመኑ ከጫማው ይልቅ በአቀማመጡ ይታወቃል።

ጎራዴም እንዲሁ። የድሮ ጦረኛ በሥዕልም በጥንት ፎቶግራፍም ጎራዴውን በቀኝ ጎኑ ታጥቆ ይታያል፤ ግራ እጁ የጋሻው ነው። በግራ ጎን ታጥቆ በቀኝ እጅ ሰያፍ መምዘዝ ከፈረንጅ ፊልም የተቀዳ ልማድ ነው። ይህን ለማወቅ ምንም ወጪ አያስፈልግም፤ ማየት ብቻ ነው የሚጠይቀው።

ጠመንጃው ደግሞ የባሰ ነው። ውጅግራ፣ ስናድር፣ ምንሽር፣ ቤልጅግ የየራሳቸው ዘመን አላቸው። ውጅግራ አንድ ጥይት ነው የሚጎርሰው፤ ተተኩሶ፣ ተከፍቶ፣ ቀለሁ ወጥቶ እንደገና እስኪጎርስ ጊዜ ይወስዳል፤ የሚወጣው ጭስም ነጭና ወፍራም ነው። የአድዋን ዘማች የሚተውን ሰው ይህን ካወቀ የውጊያው ትዕይንት በራሱ ይቀየራል። በሁለት ተኩስ መካከል ባለው ጊዜ ተኳሹ ያጎነብሳል፣ ይጸልያል፣ ጎረቤቱን ይጣራል፣ ወይም ጠመንጃውን ጥሎ ጎራዴ ይመዛል። እንደ ክላሽ ሲያርከፈክፉት ግን ያ ሁሉ ድራማ ይጠፋል። ደራሲ ተጨንቆ የሚፈልገውን ውጥረት መሣሪያው ራሱ በነፃ ይሰጠው ነበር።

በሌላው ዓለም ይህን እውቀት ወደ ፊልም የሚያመጡት ብዙውን ጊዜ የታሪክ ማኅበራት ናቸው። በአሜሪካና በአውሮፓ የጥንቱን ጦር ልብስ ራሳቸው ሰፍተው፣ የዘመኑን መሣሪያ ገዝተው፣ በእረፍት ቀናቸው ሜዳ ወጥተው ውጊያውን እንደገና የሚያሳዩ ሰዎች አሉ። እ.ኤ.አ. በ1993 የወጣው ‹‹ጌቲስበርግ›› የተሰኘው ፊልም በሺዎች የሚቆጠሩ እንዲህ ያሉ በጎ ፈቃደኞችን አሰልፏል፤ ልብሳቸውንም ጠመንጃቸውንም ይዘው ነበር የመጡት። ከዚያ በፊት ሶቪየታዊው ሰርጌ ቦንዳርቹክ እ.ኤ.አ. በ1970 ለወጣው ‹‹ዋተርሉ›› በሺዎች የሚቆጠሩ የሶቪየት ጦር ወታደሮችን የናፖሊዮን ዘመን ሰልፍ አሠልጥኖ ተጠቅሟል። የቀድሞው የአሜሪካ ባሕር ኃይል እግረኛ መኮንን ዴል ዳይ ደግሞ ‹‹ፕላቱን››ና ‹‹ሴቪንግ ፕራይቬት ራያን›› ከመቀረጻቸው በፊት ተዋናዮችን ሜዳ አስወጥቶ፣ እያስራበና እያስመሸ፣ እንደ ወታደር መቆምና መድከም አስተምሯቸዋል።

ከእነዚህ ሁሉ መወሰድ ያለበት የመጨረሻው ነው፤ ሥልጠናው ከቀረጻው መቅደሙ። አንድ አማካሪ ካሜራው ከተተከለ በኋላ ቢመጣ የሚያርመው አለባበስን ነው፤ ቀደም ብሎ ቢመጣ ሰውነትን ያስተካክላል።

በእኛ አገር የታሪክ ማኅበር እንደ ትርፍ ጊዜ ማሳለፊያ ብዙም አልተለመደም። ሆኖም ባዶ እጃችንን አይደለንም። በየዓመቱ ሚያዝያ 27፣ በአርበኞች የድል ቀን፣ አራት ኪሎ ላይ ጎፈር ደፍተው፣ ጋሻና ጦር ይዘው የሚወጡ አሉ። በ2006 ዓ.ም. የተጀመረው ጉዞ አድዋ ከአዲስ አበባ እስከ አድዋ በእግር ተሂዶበታል፤ ከመሥራቾቹ አንዱ ያሬድ ሹመቴ የፊልም ባለሙያ መሆኑ በአጋጣሚ አይመስልም። በእግሩ ሄዶ ያየ ሰው ዘማች እንዴት እንደሚደክም ለተዋናይ መንገር ይችላል።

ለምዕራብ ጎጃም ግን ትልቁ ትምህርት ቤት ጎረቤት ነው። ከቡሬ በቲሊሊ በኩል ወደ እንጅባራ ለሚወጣ ሰው የአገው ምድር ይጀምራል። በዚያ የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር አለ፤ በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተ፣ በአድዋና በሌሎች ዘመቻዎች የተሰለፉትን ጀግኖችና ፈረሶች የሚያስብ ማኅበር ነው። ጥር 23 ቀን፣ የቅዱስ ጊዮርጊስ ዕለት፣ ፈረሶቹ በቀይና በቢጫ ጌጥ ተሸልመው እንጅባራን ያጥለቀልቋታል።

ያን ቀን ሜዳው ላይ የተገኘ የፊልም ሰው በመጀመሪያ የሚያየው ቀለሙን ነው፤ ድሮንም ያስነሳል። ቆየት ካለ ግን ሌላ ነገር ያያል። ሽማግሌው ፈረሰኛ ልጓሙን ሳይጎትት በጭኑ ብቻ ፈረሱን ያዞረዋል። ሶምሶማ፣ ደንገላሳ፣ ግልቢያ እያንዳንዳቸው የተለየ የወገብ አያያዝ አላቸው። በጉግስ ጊዜ ደግሞ አባራሪው ብቻ ሳይሆን ተባራሪውም ይደነቃል። አባራሪው በግልቢያ ላይ ሆኖ ዘንጉን ይወረውራል፤ ተባራሪው ፊቱን ሳያዞር፣ ወይም በትከሻው ላይ ብቻ ገልመጥ ብሎ፣ ጋሻውን ወደ ጀርባው አዙሮ ይመክታል። ከዚያ ተራው ይገለበጣል፤ የተባረረው ዞሮ ያባርራል።

በፊልሞቻችን የሚሸሽ ሰው ፈሪ ነው። በጉግስ ሜዳ ግን በአግባቡ መሸሽ ግማሹ ሙያ ነው፤ አሳድዶ የመጣውን ወደ ወጥመድ መሳብም ሊሆን ይችላል። አንድ የውጊያ ትዕይንት የሚያቀናብር ሰው ይህን ከእንጅባራ ፈረሰኛ ቢማር ሁለት ጭፍራ ፊት ለፊት ተላትሞ በአቧራ ውስጥ የሚጠፋበትን የተለመደ አቀራረጽ ይተወው ነበር።

እዚህ ላይ አንድ ልዩነት መነሳት አለበት። የጌቲስበርጉ በጎ ፈቃደኛ ሰኞ ወደ ቢሮው ይመለሳል። ለአገው ፈረሰኛ ግን ፈረስ ለሠርግም ለለቅሶም ለገበያም የሚወጣበት የኑሮው አካል ነው። ታሪክን የሚያሳየው ከኑሮው ሳይወጣ ነው። ስለዚህም ፈረሱ እስኪዝል ‹‹ድጋሚ!›› እያለ የሚጮህ አዘጋጅ አብሮት አይውልም። የእንጅባራ ፈረስ ሕዝብና ጩኸት ለምዷል፤ የቀረጻ መብራትና ሰው ሠራሽ ጭስ ግን አልለመደም። ፈረሱ በቀን ስንት ሩጫ እንደሚችል ወሳኙ ጌታው እንጂ የፕሮግራም ሠንጠረዡ መሆን የለበትም።

ከፈረሱ ቀጥሎ ድምፁ ነው። ፉከራ በድራማዎቻችን ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ ጩኸት ሆኖ ይቀርባል፤ ‹‹ዘራፍ!›› ከሚለው ቃል ጀምሮ እስከ መጨረሻው በአንድ ከፍታ። ጎጃም ገጠር ውስጥ ለቅሶ ወይም ሠርግ ላይ ያደመጠ ሰው ግን ሥርዓት እንዳለው ያውቃል። ቀረርቶው በረጅም ትንፋሽ ይዜማል፤ ቀስ እያለ የአድማጩን ደም ያሞቃል። ፉከራው በፈጣን ንግግር ይወርዳል፤ ፎካሪው የአባቱን ስም፣ የጎራውን ስም፣ የሠራውን ሥራ እየጠራ ወደፊት ይረማመዳል፣ ይመለሳል፣ መሣሪያውን ያነሳል፣ ዝቅ ያደርጋል። ማን ፊት እንደሚፎክር ያውቃል፤ በታላቅ ፊት የሚፎከረውና በእኩያ ፊት የሚፎከረው አንድ አይደለም። ከጎኑ ያሉትም ተመልካች ብቻ አይደሉም። አንዱ ያዝ ያደርገዋል፣ አንዱ ያበረታዋል፣ ሴቶች እልልታውን ልኩ ላይ ያስገቡለታል። ይህን ጊዜ ዝም ብሎ የቆመ አጃቢ ካለ ትዕይንቱ ይሞታል።

የፈረስ ስምም እዚሁ ውስጥ ይገባል። ዳግማዊ ምኒልክ አባ ዳኘው፣ አድዋ ድረስ ጦራቸውን ይዘው የዘመቱት የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት አባ ጠና፣ የኋላው አርበኛ በላይ ዘለቀ አባ ኮስትር ይባላሉ። ተዋናይ እነዚህን ስሞች በፉከራ መሀል ሲጠራ ከልቡ ካልወጣ ታዳሚው ያውቅበታል።

የጦር ዜማና ትያትር በአገራችን ከጥንት የተቆራኙ ናቸው። አገር ፍቅር ማኅበር በ1927 ዓ.ም. ሲመሠረት የጣሊያን ወረራ አፍጥጦ ነበርና መድረኩ ሕዝቡን ለአገሩ የሚያነሳሳ ነበር። ከዘመናዊው ትያትራችን አባቶች አንዱ ዮፍታሔ ንጉሤ ደግሞ የጎጃም ደብረ ኤልያስ ልጅ ነው፤ ከቅኔ ቤት ወጥቶ ነው መድረክ ላይ የደረሰው። ከቤተ ክህነትና ከገጠር ወደ መድረክ የሚወስደው መንገድ አዲስ አይደለም ማለት ነው። የተረሳ መንገድ ነው።

ቅኔ ቤት ከተነሳ በዛብህን መልሶ ማንሳት ግድ ነው። የቆሎ ተማሪን መተወን በደበሎና በአኮፋዳ ብቻ የሚያልቅ ይመስላቸዋል ብዙዎች። ተማሪው ግን ሰው ደጅ የሚቆምበት የራሱ አቋቋም አለው። ከአጥሩ ራቅ ይላል፣ ዱላውን ለውሻው ያዘጋጃል፣ ‹‹በእንተ ስማ ለማርያም›› የሚለውን ጥሪ በዜማ ያወርዳል፤ እመቤቲቱ ብቅ ስትል ዓይኑን ዝቅ ያደርጋል፤ ከሌላ ደጅ ባዶ እጁን ከተመለሰ ድምፁ ይቀየራል። ያን ዜማ ከሰሙት እናቶች መካከል በፍኖተ ሰላምና በቡሬ ዙሪያ ዛሬም የሚኖሩ አሉ። የተማሪው ሚና የሚሰጠው ወጣት ከእነሱ ደጅ አንድ ሳምንት ቢቆም፣ በምልልስ ከሚያገኘው የበለጠ ያገኛል።

ሞገስ ታፈሰ ያዘጋጀው ‹‹ቁራኛዬ›› እንዲህ ያለውን ዓለም ከልብ ከወሰዱ ፊልሞች አንዱ ነው። በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን የቅኔ ተማሪውና ባላባቱ ተከሳሽና ከሳሽ ሆነው፣ በአንድ ሰንሰለት ተቆራኝተው ፍርድ ፍለጋ ይጓዛሉ። የፊልሙ ጉልበት አንድን የጥንት የፍርድ ሥርዓት ለጌጥ ያህል ጣል ሳያደርግ የታሪኩ አከርካሪ ማድረጉ ነው። ሰንሰለቱ ተዋናዮቹ እንዴት እንደሚራመዱ፣ እንደሚተኙ፣ እንደሚጣሉ ይወስናል። የጥንቱን ሥርዓት ማወቅ ለድርሰቱም እንደሚጠቅም ከዚህ የተሻለ ምስክር አይገኝም።

ቡሬና ፍኖተ ሰላም ግን ገና ያልተሠራ ፊልም አላቸው። ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በኦሜድላ በኩል ድንበር ተሻግረው ወደ ጎጃም ገቡ። የእንግሊዙ መኮንን ዊንጌት የሚመራው የጌዴዎን ጦር ከሱዳናውያንና ከኢትዮጵያውያን ሻለቆች ጋር፣ በሺዎች የሚቆጠሩ ግመሎችን እየነዳ በበላያ በኩል መጣ፤ አብዛኞቹ ግመሎች በመንገድ አለቁ። ቡሬ ላይ የጣሊያን ምሽግ ነበር፤ አዛዡ ኮሎኔል ናታሌ ከፊቱ ያለው ጦር ከእውነተኛው ቁጥር እጅግ የበዛ መስሎት የካቲት 25 ቀን ምሽጉን ጥሎ ወደ ደምበጫ አፈገፈገ። መጋቢት 28 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ ደብረ ማርቆስ ገቡ። የጌዴዎን ጦር ከመምጣቱ በፊት ግን ጎጃምን ለጣሊያን እሾህ አድርገው ያቆዩት እንደ ደጃዝማች መንገሻ ጀምበሬና ደጃዝማች ነጋሽ በዛብህ ያሉ አርበኞችና ስማቸው ያልተጻፈ ገበሬዎች ናቸው። እንግሊዞች ዊንጌትን ደጋግመው ጽፈውታል። ገበሬውን የሚጽፈው ማን ነው? በሌሊት ስንቅ ያሻገረች ሴት፣ ጠጉሩን ላለመቆረጥ ምሎ ጫካ የገባ ጎረምሳ፣ ባንዳ የሆነ ወንድሙን በገበያ የሚያልፍ አርበኛ፤ ይህ ሁሉ ታሪክ በየቤቱ ይነገራል። አያቶቻቸው የነገሯቸውን የሚያስታውሱ ሰዎች አሁንም አሉ፤ ዕድሜ ግን አይጠብቅም።

እርግጥ የገጠር ሰው ያለው ሁሉ ጥንታዊ አይደለም። ይህን የማይነግር አማካሪ ፊልሙን ያበላሸዋል። ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ ዛሬ ዓይን እስኪደክም የሚታየው በቆሎና ባሕር ዛፍ ነው። ባሕር ዛፍ ወደ አገራችን የገባው በምኒልክ ዘመን ነው፤ የአፄ ቴዎድሮስን ጦር በባሕር ዛፍ ጥላ ሥር የሚያሳርፍ አዘጋጅ ስህተቱን ከገበሬው ላይ ማላከክ አይችልም። የቆርቆሮ ጣሪያው፣ የፕላስቲክ ጀሪካኑ፣ በፋብሪካ ጨርቅ የተሰፋው ቁምጣ፣ በቡሬ የተገነባው የአግሮ ኢንዱስትሪ ፓርክ ሁሉ የዛሬ ናቸው። ሽማግሌ የሚያስታውሰው የአባቱን ዘመን ነው፤ የአያቱን በመስማት፤ ከዚያ በፊት ያለው ከሌላ ቦታ መምጣት አለበት።

ያ ሌላ ቦታም አለ። ጀምስ ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1770 ሰከላ፣ ግሽ ዓባይ ደርሶ ስላየው ሰው፣ ስለ ልብሱና ስለ ፈረሱ ጽፏል። የጎጃምን ታሪክ የጻፉት አለቃ ተክለ ኢየሱስ ሠዓሊም ነበሩ። በዘጌ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ግድግዳ ላይ ያሉት ሥዕሎች የየዘመናቸውን ልብስና መሣሪያ ያሳያሉ። በደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ በሐዲስ ዓለማየሁ ስም የተሰየመ የባህል ጥናት ተቋም አለ፤ በባሕር ዳር ሙሉዓለም የባህል ማዕከል አለ። መጽሐፉ፣ ሥዕሉና የሽማግሌው አካል ሲገናኙ ነው ነገሩ የሚሞላው። ሥዕሉ ጣት በእርካብ እንደሚገባ ይነግረናል፤ እንዴት ሳይወድቁ መጋለብ እንደሚቻል የሚያሳየው ግን የአገው ፈረሰኛ ነው።

አንድ ሌላ ነገርም አለ፤ ንግግሩ። በኮሜዲዎቻችን የጎጃም ገጠር አነጋገር መሳቂያ ከሆነ ቆይቷል። አንድ ገጸ ባሕርይ ወገቡን ይዞ ‹‹ኧረግ!›› ካለ አዳራሹ ይስቃል። በታሪክ ድራማ ላይ ሲሆን ደግሞ በተቃራኒው ይሄዳል፤ ሁሉም የአዲስ አበባ ዜና አንባቢ አማርኛ ይናገራል። ሁለቱም ያው ስንፍና ናቸው። የማንኩሳ ሰው ሲያዝንም ሲቆጣም ሲያፈቅርም የሚናገረው በዚያው አነጋገር ነው፤ የበዛብህ እናት በልጇ ስትጨነቅ የምትናገርበት ቋንቋ ለሳቅ የተፈጠረ አይደለም። ተዋናዮች ለዚህ የንግግር አሠልጣኝ ያስፈልጋቸዋል፤ አሠልጣኙም ከዚያው አገር ቢመጣ ይሻላል።

ይህን ሁሉ ዛሬ ማድረግ ቀላል እንዳልሆነ መሸሸግ አይቻልም። ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ በአማራ ክልል የቀጠለው ግጭት ፍኖተ ሰላምንና ቡሬን ክፉኛ ነክቷል። መንገዱ ሲከፈት ሲዘጋ፣ የእንጨት ጠመንጃ እንኳን የያዘ የቀረጻ ቡድን በገጠር መንገድ መንቀሳቀስ አይችልም። ፉከራውም ለጊዜው ጨዋታ አይደለም፤ ልጇ ከቤት የወጣባት እናት ‹‹ዘራፍ!›› ሲባል የምትሰማው ሌላ ነገር ነው። ስለዚህ ዛሬ ሊሠራ የሚችለው በአብዛኛው ከካሜራ በፊት ያለው ሥራ ነው፤ መቅዳት፣ መጠየቅ፣ መመዝገብ፣ ወደ ከተማ የመጡትን የአገሩን ሰዎች ጠርቶ ማማከር። በአዲስ አበባና በባሕር ዳር በሬ ጠምደው፣ ፈረስ ጋልበው፣ ቅኔ ቤት ገብተው ያደጉ ብዙ ሰዎች አሉ። ዘበኛ ናቸው፣ ነጋዴ ናቸው፣ አስተማሪ ናቸው። ማንም ጠይቋቸው አያውቅም እንጂ።

አሠራሩም የሚከብድ አይደለም። ድርሰቱ ሲጻፍ አንድ ሽማግሌ ተቀምጠው ያድምጡት፤ ደራሲው ‹‹አያ፣ እንዲህ ይሆን ነበር ወይ?›› ብሎ ይጠይቃቸው፤ ‹‹አይሆንም›› ሲሉ ይስማቸው። ተዋናይ ሲመረጥ ከቀረጻው በፊት የሥልጠና ጊዜ ይመደብ፤ ያ ጊዜ በበጀቱ ላይ እንደ ልብስና እንደ ትራንስፖርት ራሱን የቻለ መስመር ይኑረው። ጋላቢ ያልሆነ ተዋናይ በግልቢያው ላይ በባለሙያ ይተካ፤ ፈረሱም ጋላቢውም በቀን ውሎ ሳይሆን በአደጋው ልክ ይከፈላቸው። የቀረጻው መሪ ‹‹ይሄ ስህተት ነው›› የሚል ገበሬ ሲያጋጥመው ቀረጻውን ለማቆም ፈቃደኛ ይሁን፤ የአማካሪነት ትርጉሙ ይህ ነውና።

የስም ጉዳይም አለ። በፊልሞቻችን መጨረሻ ላይ የመኪና አከራዩ ስም ይነበባል፤ ሆቴሉ ይመሰገናል። ተዋናዩን እርፍ ያስያዙት፣ ፉከራውን ያስተማሩት፣ ሸማውን አደግድጎ እንዲቆም ያረሙት ሰው ግን ‹‹ለአካባቢው ኅብረተሰብ›› በሚል አንድ መስመር ውስጥ ይጠፋሉ። ቀጣዩን የታሪክ ፊልም ወይም ድራማ የምታዘጋጁ ሰዎች፣ የመጀመሪያውን ስልክ ለልብስ አከራይ ከመደወላችሁ በፊት ለእነዚህ ሰዎች ደውሉ። ሥራው ሲያልቅም በክፍያ ዝርዝሩም በስም ዝርዝሩም ከአጃቢዎች ሳይሆን ከሙያ አማካሪዎች ተራ ጻፏቸው።